ቤዝመንቱ ውሃ ሲሞላ መጀመሪያ አትውረዱ

(በሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ በተደረገ የማኅበረሰብ ስብሰባ ላይ የቀረበ ንግግር፣ በጥቂቱ ተስተካክሎ)

ጤና ይስጥልኝ! እናቶች፣ አባቶች፣ እህቶችና ወንድሞች፣ እንደምን አመሻችሁ? በዚህ ዝናብ ከቤታችሁ ወጥታችሁ በመምጣታችሁ አመሰግናለሁ። ዝናቡ ራሱ ለርዕሳችን ማስታወቂያ እየሠራልን ነው።

እስቲ ቤዝመንት፣ ማለትም ምድር ቤት፣ ያለው ቤት የምትኖሩ እጃችሁን አውጡ። ጥሩ። አሁን ደግሞ ሳምፕ ፓምፓችሁ፣ ከቤዝመንቱ ወለል ጉድጓድ ውሃ የሚያወጣው ማለቴ ነው፣ በየትኛው ጥግ እንዳለ የምታውቁ ብቻ እጃችሁን እንዳነሳችሁ ቆዩ። አያችሁ? ብዙ እጅ ወረደ። በመጨረሻ፣ ፓምፑ መሥራቱን ባለፉት ሦስት ወራት የሞከራችሁ? ሁለት ሰው። እግዚአብሔር ይስጣችሁ፣ እናንተ ሁለታችሁ መሄድ ትችላላችሁ። (ሳቅ)

እኛ የምናውቀው ጎርፍ ከላይ የሚመጣውን ነው። ከተራራ ይወርዳል፣ ወንዝ ይሞላል፣ ድምፁን ሰምተን እንሸሻለን። እዚህ አገር ያለው ግን ከታች ነው የሚመጣው፣ ድምፅም የለውም። አፈሩ ዝናብ ሲጠግብ ውሃው መሄጃ ይፈልጋል። ቤዝመንት ማለት ደግሞ መሬት ውስጥ የተቀበረ ባዶ ሣጥን ነው። ለዚህ ነው ወለሉ ላይ ያ ጉድጓድ የተሠራው። በብዛት ስፋቱ 18 ኢንች፣ ጥልቀቱ 24 ኢንች ያህል ነው። በመሠረቱ ዙሪያ የተቀበረ ቀዳዳ ቀዳዳ ያለው ቧንቧ ውሃውን ሰብስቦ ወደ ጉድጓዱ ያመጣል፣ ፓምፑ ተቀብሎ ወደ ውጭ ይገፋል።

ፓምፑ ሲበላሽስ? ፓምፑ ይቆማል፤ ቧንቧው ግን አይቆምም። ልድገመው፦ ፓምፑ ይቆማል፤ ቧንቧው አይቆምም። ከቤታችሁ ዙሪያ ያለውን ውሃ ሁሉ እየሰበሰበ ሳሎናችሁ ሥር ማፍሰሱን ይቀጥላል።

በፈረንጆቹ ጁላይ 8፣ 2019 ጠዋት፣ በሬገን አውሮፕላን ማረፊያ በአንድ ሰዓት ብቻ ከ3 ኢንች በላይ ዘነበ። ያን ቀን ኋይት ሀውስም ምድር ቤቱ ውሃ ገብቶበታል። ስለዚህ ቤታችሁ ውሃ ገባ ብላችሁ ከሰው አትደብቁ። ደውሉ፣ ጠይቁ፣ እርዳታ ጥሩ።

የመጀመሪያው ነጥቤ ይኸው ነው፦ አትውረዱ።

በሩን ከፍታችሁ ውሃ ስታዩ ልብ የሚለው ሌላ ነው። ፎቶው፣ ሰነዱ፣ ከአገር ቤት የመጣው ጤፍና በርበሬ፣ ምጣዱ፣ ሁሉም እዚያ ታች ነው። እግር ቀድሞ ይሮጣል። እባካችሁ ደረጃው ራስ ላይ ቁሙና በዓይናችሁ ብቻ እዩ። ውሃው ግድግዳው ላይ ያሉትን ሶኬቶች ደርሷል? ወለል ላይ የተዘረጋ ማራዘሚያ ገመድ አለ? ፍሪጅ፣ ማጠቢያ ማሽን፣ ምጣድ ተሰክቷል? የአብዛኛው ፍሪጅ ሞተር ከወለሉ ጥቂት ኢንች ብቻ ከፍ ብሎ ነው ያለው። ከእነዚህ አንዱን ውሃ ከነካው ያ ውሃ ኤሌክትሪክ ይዞ ሊሆን ይችላል። አይታይም፣ አይሸትም።

የብሬከሩ፣ የኤሌክትሪክ ማቋረጫው፣ ሣጥን ፎቅ ላይ ወይም ጋራዥ ከሆነ፣ ደረቅ ወለል ላይ ቆማችሁ፣ በደረቅ እጅ የቤዝመንቱን ብሬከሮች አጥፉ። ሣጥኑ እዚያው ቤዝመንት ውስጥ ከሆነና ወደ እሱ ለመድረስ ውሃ መርገጥ ካለባችሁ አትንኩት። መብራት ለሚሰጣችሁ ድርጅት፣ ፔፕኮም ይሁን ዶሚኒየን፣ ደውላችሁ ከውጭ ከቆጣሪው እንዲቆርጡላችሁ ጠይቁ። የላስቲክ ቦት አድርጌአለሁ ማለት ዋስትና አይሆንም። የጋዝ ሽታ ካለ ደግሞ ማብሪያ ማጥፊያ ሳትነኩ፣ መብራትም ሳታበሩ፣ ሁሉንም ይዛችሁ ውጡና ከውጭ ሆናችሁ ደውሉ።

ታች የሚተኛ ሰው አለ? ብዙዎቻችን ቤዝመንቱን እናከራያለን፤ ከአገር ቤት የመጣች እናትንም እዚያው እናስተኛለን። በሴፕቴምበር 2021 የአይዳ አውሎ ነፋስ ቅሪት ኒው ዮርክን ሲመታ 11 ሰዎች የሞቱት በቤዝመንት መኖሪያዎች ውስጥ ነበር። ውሃ የተደገፈበት በር አይከፈትም። ከባድ ዝናብ በተባለበት ሌሊት ታች የሚተኛ ሰው ፎቅ ላይ ይተኛ። ይህን ከፓምፕም ከኢንሹራንስም አስቀድሙት።

ስለ ጄኔሬተርም አንድ ቃል። መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተር ወይም በቤንዚን የሚሠራ ፓምፕ ቤዝመንት፣ ጋራዥ፣ በረንዳ ላይ ማስነሳት አይቻልም። በሩ ተከፍቶም አይቻልም። ከቤቱ ቢያንስ 20 ጫማ ርቆ፣ ጭሱ ከመስኮትና ከበር ዞሮ ነው የሚቆመው። ጭሱ ውስጥ ያለው ካርቦን ሞኖክሳይድ የሚባል መርዛማ ጋዝ ሽታ የለውም፤ ያስተኛችኋል፣ ከዚያ አትነቁም።

ሁለተኛ፣ ውሃው ከየት መጣ? ከሳምፑ ጉድጓድ ገንፍሎ ከሆነ የከርሰ ምድር ውሃ ነው፤ ጭቃ ሊኖረው ይችላል እንጂ አይሸትም። ከወለሉ የፍሳሽ ቀዳዳ ወይም ከታችኛው ሽንት ቤት ከመጣ፣ ሽታም ካለው፣ የመንገዱ ፍሳሽ ተመልሶ ነው። ያኔ ፎቅ ላይ ሽንት ቤት አትልቀቁ፣ ልብስ አትጠቡ፣ ገላ አትታጠቡ፤ የምትለቁት ሁሉ ታች ነው የሚወጣው። የፍሳሽ ውሃ ከሆነ ልጆችን አርቃችሁ ለባለሙያ ስጡት። ከዚህ በኋላ የምናገረው ስለ ሳምፑ ውሃ ነው።

ሦስተኛው ነጥብ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ሰው ገንዘቡን የሚያባክነው እዚህ ላይ ነውና። ፓምፑ ለምን ቆመ? ብዙ ሰው ሮጦ አዲስ ፓምፕ ይገዛል፤ ይገጥማል፤ በሚቀጥለው ዝናብ ያው ይሆናል። ለምን? የተበላሸው ፓምፑ አልነበረማ!

ኤሌክትሪኩ አደገኛ አለመሆኑን፣ ሶኬቱም ደረቅ መሆኑን ካረጋገጣችሁ በኋላ በዚህ ቅደም ተከተል ፈትሹ።

መጀመሪያ ኃይል። ብሬከሩ ወድቋል? ሶኬቱ ያቺ ሁለት ትንንሽ ቁልፎች ያሏት ዓይነት ከሆነች ቁልፏ ዘላ ሊሆን ይችላል። መልሳችሁ ተጫኗት፤ ወዲያው ደግማ ከዘለለች ግን ሞተሩ ውስጥ ውሃ ገብቶ ሊሆን ይችላል፣ አትታገሏት። ሌላ መብራት እዚያው ሶኬት ላይ ሰክታችሁ ሞክሩ። ፓምፑ በማራዘሚያ ገመድ ከተሰካ ደግሞ ችግሩን አገኛችሁት፤ ቀጭን ገመድ ሞተሩን በቂ ኃይል ስለማይሰጠው ይግላል፣ ይቃጠላል።

ቀጥሎ ፍሎቱ። ፍሎት ማለት ውሃው ሲነሳ አብሮ ተንሳፍፎ ፓምፑን የሚያበራው ኳስ ነው። ጠባብ ጉድጓድ ውስጥ ፓምፑ ሲሠራ በንዝረት ቀስ በቀስ ይዞራል፤ ፍሎቱ ከግድግዳው ወይም ከራሱ ገመድ ጋር ይያያዛል። ከዚያ ውሃው ይነሳል፣ ፍሎቱ አይነሳም። መሞከሪያው ቀላል ነው። ብዙ ፓምፖች ሁለት ገመድ አላቸው፣ አንዱ የፍሎቱ፣ ሌላው የሞተሩ። የፍሎቱ መሰኪያ ጀርባው ላይ ቀዳዳ አለው፤ የሞተሩ መሰኪያ እዚያ ላይ ይነባበራል። የፍሎቱን ነቅላችሁ የሞተሩን ብቻ ቀጥታ ግድግዳው ላይ ሰኩት። ፓምፑ ተነሳ? እንግዲያው ሞተሩ ደህና ነው፤ የሞተው ፍሎቱ ነው፣ ፍሎት ለብቻው ይሸጣል። ያን ሌሊት በዚህ መንገድ ውሃውን ማውጣት ትችላላችሁ፤ ግን አጠገቡ ቁሙ። ውሃው ሲያልቅ የሚያጠፋው የለም፣ ደረቁን ከሠራ ደግሞ የውሃ መከላከያ ላስቲኩ ይቃጠላል።

ሞተሩ እየጮኸ ውሃው ግን አይቀንስም? እንግዲህ ወደ መንገዱ ሂዱ። ከፓምፑ በላይ ቧንቧው ላይ ቼክ ቫልቭ አለ፤ ውሃ አሳልፎ እንዳይመለስ የሚዘጋ በር ነው። ላዩ ላይ ቀስት አለ፣ ቀስቱ ወደ ላይ ማመልከት አለበት። ተገልብጦ የተገጠመ ቼክ ቫልቭ ፓምፑን ግድግዳ እንዲገፋ ያደርገዋል። ከቫልቩ በታች ደግሞ፣ ጉድጓዱ ውስጥ፣ ቧንቧው ላይ ትንሽ ቀዳዳ መኖር አለበት፤ በብዛት 3/16 ኢንች ነው። ሰው ‹‹ያፈሳል›› ብሎ በፕላስተር ይደፍነዋል! ያ ቀዳዳ አየር ማውጫ ነው። ከተደፈነ ፓምፑ ሥር አየር ይታፈንና ሞተሩ አየር ሲያሽከረክር ያድራል። ከዚያም ወደ ውጭ ውጡና የቧንቧውን አፍ እዩ። ቅጠል፣ ጭቃ፣ ክረምት ከሆነ በረዶ። በመጨረሻ ፓምፑን ነቅላችሁ ገልብጡት፤ ሥሩ ያለው የውሃ መግቢያ በጠጠር ተደፍኖ ይሆናል።

ሌላም ምልክት አለ። ፓምፑ ይሠራል፣ ያወርደዋል፣ እንደጠፋ ውሃው ወዲያው ይመለሳል፣ እንደገና ይነሳል። ይህ ቼክ ቫልቩ መያዝ ስላቃተው ነው። ያንኑ ውሃ ደጋግሞ ማንሳት ፓምፑን ያለ ዕድሜው ይገድለዋል።

ከዚህ ሁሉ በኋላ ሞተሩ በእርግጥ ሞቶ ከሆነ፣ ወይም 10 ዓመት ከሞላው፣ ቀይሩት። ነቅላችሁ ከሶኬት አውጡት፤ የቼክ ቫልቩን ላስቲክ ማሰሪያ ፍቱ፤ ባልዲ አዘጋጁ፣ ቧንቧው ውስጥ ያለው ውሃ ይወርድባችኋል። ጉድጓዱን ከጭቃና ከጠጠር አጽዱ። አዲሱን ፓምፕ ባዶ ጠጠር ላይ አታስቀምጡት፤ ከሥሩ ጠፍጣፋ ጡብ አድርጉለት። ቧንቧው በብዛት የ1½ ኢንች ፒቪሲ ነው፤ ጠባብ ቧንቧ መግጠም ጉልበቱን መስረቅ ነው። ትንሿን ቀዳዳ ብሱ። ፍሎቱን በእጃችሁ ከላይ እስከ ታች አንቀሳቅሱት፣ ምንም ሊነካ አይገባም። ከዚያ ባለ 5 ጋሎን ባልዲ ውሃ አፍስሱና ሲነሳም ሲጠፋም እዩ።

ምን ያህል ኃይል ያስፈልገኛል? መልሱ ሻጩ ጋ የለም፣ ጉድጓዳችሁ ውስጥ ነው። በዝናብ ቀን ፓምፑን ለአንድ ደቂቃ ነቅላችሁ ውሃው ስንት ኢንች እንደተነሳ ለኩ። 18 ኢንች ስፋት ባለው ጉድጓድ አንድ ኢንች ማለት 1.1 ጋሎን ያህል ነው። በደቂቃ 6 ኢንች ከተነሳ ከ6 ጋሎን ተኩል በላይ እየገባ ነው። ጥሩ ባለ 1/3 ፈረስ ጉልበት ፓምፕ 10 ጫማ ወደ ላይ ሲገፋ በደቂቃ 30 ጋሎን ገደማ ያወጣል፤ ለአብዛኛው ቤት ይበቃል። ትልቅ ፓምፕ ሁልጊዜ ይሻላል የሚለውን እኔ አልቀበለውም። ጠባብ ጉድጓድ ውስጥ ትልቅ ፓምፕ በየሰከንዱ እየተነሳ እየጠፋ ቶሎ ያልቃል።

አራተኛ፣ ውሃውን ማውጣትና ማድረቅ። 1,000 ስኩዌር ጫማ ወለል ላይ አንድ ኢንች ውሃ ብቻ 623 ጋሎን ነው። በባልዲ የሚሞከር አይደለም። ትንሽ ውሃ መሳቢያ ፓምፕ ከዕቃ መሸጫ ተከራዩ ወይም ግዙ፣ የአትክልት ጎማ ግጠሙለት፣ የጎማውን አፍ ከቤቱ ቢያንስ 10 ጫማ አርቃችሁ ወደ ተዳፋት አድርጉ። የልብስ ማጠቢያው ገንዳ ውስጥ አትክተቱት፤ ያ ወደ ፍሳሽ መስመር ነው የሚሄደው፤ በአካባቢያችን የተከለከለ ነው፣ መስመሩ ሲሞላ ደግሞ ተመልሶ ወደ እናንተው ይመጣል።

ውሃው ጥልቅ ከሆነ ግን፣ ብዙ ጫማ ከሆነ፣ አትቸኩሉ። ውጭ ያለው የጠገበ አፈር ግድግዳውን እየገፋ ነው፤ ውስጥ ያለው ውሃ ደግሞ መልሶ እየደገፈው ነው። ድጋፉን በአንዴ ብታነሱት ግድግዳው ሊሰነጠቅ፣ ሊወድቅም ይችላል። አንድ ጫማ ብቻ አውርዱ፣ ግድግዳው ላይ ምልክት አድርጉ፣ ሌሊቱን ጠብቁ። ጠዋት ውሃው ምልክቱን ከሸፈነው ገና ነው።

ውሃው ከወጣ በኋላ ሰዓቱ ይቆጥራል። ከ24 እስከ 48 ሰዓት ውስጥ ካልደረቀ ሻጋታ ይጀምራል። ምንጣፉን በሰፊ ቁራጭ እየቆረጣችሁ ጠቅልላችሁ አውጡ፤ ከሥሩ ያለውን ስፖንጅ ለማዳን አትሞክሩ። የግድግዳው ድራይዎል፣ ከጄሶ የተሠራው ሰሌዳ፣ እንደ ሻይ የነካ ዳቦ ነው፣ ውሃውን ወደ ላይ ይመጥጣል። ስለዚህ የውሃው ምልክት ካለበት ቢያንስ 12 ኢንች ከፍ አድርጋችሁ ቁረጡ። ብሬከሩ ይጥፋ፣ ምላጩ ጥልቅ አይግባ፣ ከኋላው ሽቦና ቧንቧ አለ። ከውስጥ ያለው እንደ ጥጥ የሚመስል የሙቀት መከላከያ ከረጠበ ይጣላል።

እዚህ አካባቢ ብዙ ቤቶች በ1950ዎቹና በ60ዎቹ የተሠሩ ናቸው። ወለላችሁ ላይ 9 በ9 ኢንች የሆነ አሮጌ ታይል ካያችሁ አስቤስቶስ የሚባል ለሳንባ አደገኛ ቃጫ ሊኖረው ይችላል። አትስበሩት፣ አትፋቁት፤ መጀመሪያ ይመርመር።

አሁን የምነግራችሁን ብዙ ሰው ይሳሳተዋል። ውሃ ገባ፣ መስኮቱን ሁሉ እንክፈት! በዋሽንግተን ሐምሌ? በፍጹም። የውጭው አየር ሞቃትና እርጥብ ነው፤ ቀዝቃዛው ቤዝመንት ውስጥ ሲገባ ግድግዳው ላይ ጤዛ ሆኖ ይወርዳል። ዝጉና ባለ 50 ፓይንት እርጥበት መሳቢያ ማሽን ሌት ተቀን አሠሩ፣ ማራገቢያ ወደ ግድግዳው አዙሩ። የቤቱ እርጥበት ከ50 በመቶ በታች ይውረድ። ደረቅ የመከር አየር ከሆነ ግን ክፈቱ። የግድግዳው እንጨት ከ16 በመቶ በታች መድረቁን በመለኪያ ሳታዩ አዲስ ድራይዎል አትምቱ፤ ሻጋታውን ግድግዳ ሠርታችሁ መቅበራችሁ ነው።

በረኪና እንወዳለን፣ አውቃለሁ። በመጀመሪያ በሳሙና ይታጠብ፣ ቀጥሎ ለኮንክሪትና ለመሳሰለው ጠንካራ ነገር አንድ ኩባያ በረኪና ለአንድ ጋሎን ውሃ ከበቂ በላይ ነው። አሞኒያ ካለው ማጽጃ ጋር ከቀላቀላችሁት መርዛማ ጋዝ ነው የሚወጣው። ድራይዎልና እንጨት ውስጥ የገባውን ሻጋታ ግን በረኪና ቀለሙን ያነጣዋል እንጂ አይነቅለውም።

ጤፉስ? (ከአዳራሹ፦ ‹‹እሱን ንገረን!››) ይቅር በሉኝ። የጎርፍ ውሃ የነካው ከረጢት፣ ታችኛው ጫፉ ብቻ ቢረጥብም፣ ይጣላል። በርበሬውም፣ ሽሮውም፣ ክዳኑ የሚጠመዘዝ ማሰሮ ውስጥ ያለውም ጭምር። የውሃ ማሞቂያችሁና ፈርነሳችሁ (ቤቱን የሚያሞቀው ማሽን) በጋዝ ከሆኑና ውሃ ከነካቸው እሳቱን ራሳችሁ አታቀጣጥሉ። ውሃ ውስጥ የገባ የጋዝ መቆጣጠሪያ ይቀየራል እንጂ አይደርቅም። ውሃ ውስጥ የቆየውንም ምጣድ ባለሙያ ሳያየው አትሰኩት።

አምስተኛ፣ ገንዘብ። አጭር አደርገዋለሁ፤ ግን ወደ ቤት ሄዳችሁ የኢንሹራንስ ወረቀታችሁን አውጡ። መደበኛው የቤት ኢንሹራንስ ከመሬት የሚመጣ ውሃን አይከፍልም። ለሳምፕ መሙላትና ለፍሳሽ መመለስ የሚሆን ተጨማሪ ሽፋን ለብቻው ይገዛል፤ ጣሪያም አለው፣ ለምሳሌ 5,000 ወይም 10,000 ዶላር፤ መኖሪያ ሆኖ የተሠራ ቤዝመንት ላላችሁ ትንሹ አይበቃም። የመንግሥቱ የጎርፍ ኢንሹራንስ ደግሞ ሌላ ነው። በአብዛኛው ከገዛችሁት 30 ቀን በኋላ ነው የሚጀምረው፤ ቤዝመንት ውስጥ ፈርነስን፣ የውሃ ማሞቂያን፣ የብሬከር ሣጥንን፣ ሳምፕ ፓምፕን ይሸፍናል፣ ምንጣፍና ሶፋን ግን አይሸፍንም።

ከመጣላችሁ በፊት ፎቶ አንሱ። ሜትር ግድግዳው ላይ አድርጋችሁ የውሃውን ከፍታ አንሱ። ከምንጣፉ አንድ ቁራጭ አስቀሩ። የተበላሸውንም ፓምፕ አትጣሉ፣ የኢንሹራንሱ ጉዳት ገማች ሊጠይቃችሁ ይችላል። በዚያው ቀን በራችሁን አንኳኩቶ ‹‹ፈርሙልኝ፣ ከኢንሹራንሱ ጋር እኔ እጨርሳለሁ›› የሚል ቢመጣ ደግሞ የካሳ መብታችሁን የሚያስተላልፍ ወረቀት ሊሆን ይችላልና ሳታነቡ አትፈርሙ።

የመጨረሻው፣ እንዳይደገም። ዝናቡና የመብራት መጥፋቱ አብረው ነው የሚመጡት፤ ስለዚህ ከመብራት ብቻ የሚሠራ ፓምፕ በጣም በምትፈልጉት ሰዓት ነው የሚከዳችሁ። ሁለት ምርጫ አለ። አንዱ በባትሪ የሚሠራ ሁለተኛ ፓምፕ ነው። ባትሪው ባለ 12 ቮልት፣ ለረጅም ጊዜ ቀስ እያለ ለመስጠት የተሠራው ዓይነት ይሁን፤ የመኪና ባትሪ ለማስነሳት ብቻ ነው የተሠራው፣ ቶሎ ይሞታል። በ100 አምፔር-ሰዓት ባትሪ ሳያቋርጥ ቢሠራ ለጥቂት ሰዓታት ነው፣ ለቀናት አይደለም። ከ3 እስከ 5 ዓመት ውስጥም ይቀየራል። ሁለተኛው በከተማው የቧንቧ ውሃ ግፊት የሚሠራው ነው። ባትሪ አይፈልግም፤ 2 ጋሎን ለማውጣት 1 ጋሎን ያህል ንጹሕ ውሃ ይጠቀማል። የራሳችሁ ጉድጓድ ውሃ ካላችሁ ግን አይሆንም፣ መብራት ሲጠፋ ውሃውም ይጠፋልና። የቆሸሸው ውሃ ወደ መጠጡ እንዳይመለስ መከላከያ ስለሚያስፈልገው በባለሙያ ይገጠም። ምንም ባትገዙ እንኳ ውሃ ሲነካት የምትጮህ ባለ 9 ቮልት ማንቂያ ጉድጓዱ አፍ ላይ አድርጉ።

ውጭ ደግሞ አሸንዳችሁን አጽዱ፣ መውረጃው ቧንቧ ውሃውን ከመሠረቱ ቢያንስ 6 ጫማ አርቆ ይጣል። 1,000 ስኩዌር ጫማ ጣሪያ ላይ አንድ ኢንች ሲዘንብ ያ ቅድም ያልነው 623 ጋሎን ነው፤ መሠረታችሁ ሥር ብታፈሱት ፓምፑ ያንኑ መልሶ ሊያወጣ ነው። አፈሩም ከግድግዳው ጀምሮ በ10 ጫማ ውስጥ 6 ኢንች ያህል ዝቅ እያለ ይሂድ።

ጥያቄ ከመቀበሌ በፊት፣ እዚህ ጠረጴዛው ላይ ፓምፕ፣ ቼክ ቫልቭና ባልዲ አለ። ሦስት ሦስት እየሆናችሁ ኑ። ፍሎቱን በእጃችሁ አንሱት፣ ሁለቱን መሰኪያዎች ለያዩ፣ የቫልቩን ቀስት ፈልጉ፣ ትንሿንም ቀዳዳ። ፊት ወንበር ላይ ያላችሁት እናቶች ቅደሙ።